ኮሌጅ፣ ፋብሪካ ወይስ ዲግሪ? በሰሜን ሸዋ ፋብሪካዎች ለሚሠሩ የሥልጠና አማራጮች ንጽጽር

ለሚ ላይ የተተከለው ሲሚንቶ ፋብሪካ በ2017 ዓ.ም. መስከረም ሲመረቅ አቅሙ በቀን 150 ሺህ ኩንታል እንደሆነ ተነግሯል። ደብረ ብርሃንም ከነባሩ ብርድ ልብስ ፋብሪካ በኋላ ቢራ ፋብሪካው፣ ኢንዱስትሪ ፓርኩና ሌላ ሌላውም ተደራርቦባታል። ከእንሳሮ፣ ከሞረትና ጅሩ ወይም ከባሶና ወራና የመጣ ወጣት መጀመሪያ የሚያገኘው ሥራ ግን አብዛኛውን ጊዜ የጉልበት ነው። መጫን፣ ማውረድ፣ መጥረግ፣ ማሸግ። ችግሩ ዘመናዊ ፋብሪካ ቀድሞ በማሽን የሚተካውም ይህንኑ ሥራ መሆኑ ነው።

ስለዚህ "ልማር" የሚል ሠራተኛ በዝቷል። ደግ አደረገ። ግን ምን ይማር? የት? በማን ወጪ? አማራጮቹን ጎን ለጎን አስቀምጬ የሚያስከፍሉትንና የሚሰጡትን ላሳያችሁ። ፍርዴን ከወዲሁ ልናገር። ሥልጠና ስትመርጡ መጀመሪያ የምትጠይቁት "ስጨርስ የትኛውን ማሽን ያስነኩኛል?" ብላችሁ ይሁን። የተማራችሁትን በጥቂት ወራት ውስጥ በእጃችሁ ካልሠራችሁበት ይረሳል። ወረቀቱ ብቻ ይቀራል።

ነባር መሆን ብቻ አያድንም

"እኔ ነባር ነኝ፣ ማንም አይነካኝም" የሚል ሰው በየፋብሪካው አለ። የአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ግን እንደዚያ አይልም። የሠራተኛ ቅነሳ ሲመጣ በሥራቸው እንዲቆዩ ቅድሚያ የሚሰጣቸው የሥራ ችሎታና ከፍ ያለ የምርት ውጤት ያላቸው ናቸው። የአገልግሎት ዘመን የሚቆጠረው በእነዚህ እኩል የሆኑ ሰዎች ሲገኙ ነው። ማለትም አሥር ዓመት ከረጢት ያነሳ ሰው፣ በሦስት ዓመት ውስጥ ማሽን መጠገን ከለመደ ሰው በኋላ ሊታይ ይችላል። ያስከፋል፤ ሕጉ ግን ይኸው ነው።

ሌላም ምክንያት አለ። ከ2016 ዓ.ም. ሐምሌ ወዲህ የብር ምንዛሪ በገበያ እንዲወሰን ከተደረገ በኋላ ከውጭ የሚመጣ መለዋወጫ በብር ሲመነዘር ዋጋው ሰማይ ነክቷል። ድሮ ተነቅሎ የሚጣለው ሴንሰር፣ ሞተር ወይም ፓምፕ ዛሬ "ይጠገን እስቲ" ይባላል። የሚጠግን እጅ ያለው ሰው ተፈላጊነቱ ጨምሯል።

እዚያው ፋብሪካው ውስጥ መማር

ይህ ርካሹ መንገድ ነው። ደመወዝ አይቋረጥም፤ የታክሲ ወጪ የለም፤ ማሽኑ ከፊታችሁ ቆሟል። ከጥገና ክፍል ነባር ባለሙያ ሥር ትገባላችሁ፤ መፍቻ ታቀብላላችሁ፤ አንድ ቀን "ጋሼ፣ ይቺን እኔ ልፍታት?" ትላላችሁ፤ ያስፈታችኋል።

ደካማ ጎኑ የምትማሩት ባለሙያው የሚያውቀውን ያህል ብቻ መሆኑ ነው። ስህተቱንም ጨምሮ። አንድ ሥራ ቀረብ ብለን እንይ። የማጓጓዣ ቺንጋ የሚያዞረው ሻፍት ኩሽኔታው አልቆ ይቀየራል። አንዱ መካኒክ አዲሱን ኩሽኔታ ሻፍቱ ላይ ያስቀምጥና የውጭውን ቀለበት በመዶሻ እየመታ ያስገባዋል። ይገባል። ማሽኑም ይነሳል፤ ሁሉም እጁን ታጥቦ ይሄዳል። ነገር ግን የመዶሻው ምት በኳሶቹ በኩል አልፎ የሚሽከረከሩበትን መንገድ ሰርጎድ ሰርጎድ አድርጎታል። ሳይቆይ መጮህ ይጀምራል፣ ይሞቃል፣ እንደገና ይቀየራል። ሌላው መካኒክ ኩሽኔታውን በማሞቂያ እስከ 110 ዲግሪ ገደማ ያሞቀዋል። ከ125 እንዳያልፍ በቴርሞሜትር ይከታተላል። ብረቱ ሲሰፋ በጓንት ይዞ ሸርተት ያደርገዋል። መዶሻ አልተነሳም። ሲቀዘቅዝ ኩሽኔታው ራሱ ሻፍቱን አንቆ ይይዛል።

ሁለቱም መካኒኮች "የሃያ ዓመት ልምድ አለኝ" ሊሉ ይችላሉ። ስለዚህ ከማን ሥር እንደምትገቡ መምረጥ የሥልጠናው ግማሽ ነው። የምትመርጡበትን ምልክት ልንገራችሁ። ባለሙያው ማሽን ከመንካቱ በፊት ኃይሉን አጥፍቶ በራሱ ቁልፍ ይቆልፋል? ቁልፉንስ ኪሱ ይከታል? ወይስ "አብራው ስልህ ታበራለህ" ብሎ ልጅ ማብሪያው ጋ ያቆማል? ሁለተኛውን ከሆነ ከእሱ መራቅ ነው፤ ሙያ ይቅርና ጣታችሁን ታጣላችሁ።

ሌላው ጉድለት ወረቀት አለመኖሩ ነው። አምስት ዓመት ሞተር ስትጠግኑ ኖራችሁ ፋብሪካ ብትቀይሩ "ማስረጃህ የታለ?" ትባላላችሁ። ለዚህ መፍትሔው ሲኦሲ የሚባለው የሙያ ብቃት ማረጋገጫ ነው። የብቃት ምዘናው የሚፈልገው ሙያውን መቻላችሁን ነው፤ የግድ ኮሌጅ ገብታችሁ መማር የለባችሁም። በሥራ ላይ የለመደ ሰውም ይመዘናል። ምዘናው የጽሑፍም የተግባርም ስለሆነ ግን ልምድ ያለው ሠራተኛ ብዙ ጊዜ የሚወድቀው በጽሑፉ ነው። የተግባሩን ዓይኑን ጨፍኖ ይሠራዋል፤ ንድፍ አንብብ ሲሉት፣ የሽቦውን ውፍረት አስላ ሲሉት ይቸገራል። ከመመዝገባችሁ በፊት የሙያ ደረጃውን ሰነድ ለምኑና አንብቡ። የጎደላችሁን ብቻ አጥኑ። ለእኔ ሥራ ላይ መማርና በምዘና ማረጋገጥ አንድ ላይ ሲሆኑ በብር ሲሰላ የሚያህላቸው የለም።

ማሽኑን ከሸጠው ድርጅት መማር

አዲስ ማሽን ሲተከል የሻጩ ባለሙያዎች መጥተው ይተክላሉ፣ ይሞክራሉ፣ ያስረክባሉ። እነዚያ ሳምንታት ወርቅ ናቸው። ማሽኑ ያን ጊዜ ክፍት ነው፤ ሆዱ ይታያል። ከተዘጋ በኋላ ያንን ለማየት እስኪበላሽ መጠበቅ ነው።

ችግሩ ቋንቋ ነው። ማኑዋሉ በቻይንኛ፣ አስተርጓሚው የቴክኒክ ቃል አያውቅም፣ ባለሙያው በምልክት ያወራል። እንዲያም ሆኖ ስማችሁ ዝርዝሩ ውስጥ እንዲገባ ታገሉ። ደብተር ያዙ። የኤሌክትሪክ ንድፉ ኮፒ ፋብሪካው ውስጥ እንዲቀር አለቃችሁን ወትውቱ፤ ባለሙያው ሲሄድ ይዞት ከሄደ ከዚያ በኋላ ያለው ጥገና ግምት ነው።

ውጭ አገር ወይም አዲስ አበባ ልከው የሚያሠለጥኗችሁ ከሆነ ደግሞ የአገልግሎት ግዴታ ውል ያስፈርማሉ። መጥፎ ነገር አይደለም፤ ያወጡበትን ይፈልጋሉ። ግን ሦስት ነገር ሳታነቡ አትፈርሙ። ግዴታው ስንት ዓመት ነው? ከመሃል ብትለቁ የምትከፍሉት ሙሉውን ነው ወይስ ባገለገላችሁት ልክ እየቀነሰ? ስትመለሱ የሥራ መደቡና ደመወዙ ይቀየራል ወይስ ሠልጥናችሁ በድሮው ደመወዝ ትቀጥላላችሁ? ሦስተኛው ላይ ውሉ ዝም ካለ አስጽፉት። በቃል የተሰጠ ተስፋ ሥራ አስኪያጁ ሲቀየር አብሮ ይሄዳል።

ኮሌጅ

ደብረ ብርሃን ፖሊ ቴክኒክ ኮሌጅ አለ፤ በዞኑ ወረዳዎችም የቴክኒክና ሙያ ተቋማት አሉ። በአገሪቱ አሠራር መሠረት የትብብር ሥልጠና የሚባለው 70 በመቶው በድርጅት ውስጥ በተግባር፣ 30 በመቶው በተቋሙ እንዲሆን የታሰበ ነው። በወረቀት ላይ ግሩም ነው። በተግባር እንዴት እንደሚሄድ ግን ከኮሌጅ ኮሌጅ፣ ከክፍል ክፍል ይለያያል። ስለዚህ ከመመዝገባችሁ በፊት ወርክሾፑን ሄዳችሁ እዩ። አያሳፍርም። ጫማ ስትገዙም ትለኩ የለ?

ብየዳ ከሆነ የምትማሩት፣ አንድ ሠልጣኝ በሥልጠናው ስንት ኤሌክትሮድ ያቃጥላል ብላችሁ ጠይቁ። ብየዳ የሚለመደው በማቃጠል ነው። ለጥቁር ሰሌዳ ብየዳ ገንዘብ አታውጡ። ከቻላችሁ ደግሞ የኤሌክትሮድ ማድረቂያ ምድጃ መኖሩን ተመልከቱ። ለበርና መስኮት የሚሆነው 6013 ኤሌክትሮድ ያለ እሱም ይሠራል። ከባድ ጭነት ለሚሸከም ብረት የሚመረጠው 7018 ግን እርጥበት ከነካው ብየዳው ውስጥ ውስጡን ይሰነጠቃል። ደብረ ብርሃን ክረምት ላይ ምን ያህል እንደሚረጥብ ለናንተ አይነገርም። ማድረቂያ ያለው ወርክሾፕ ለኢንዱስትሪ ያሠለጥናል፤ የሌለው ለመንደር ብየዳ።

ኤሌክትሪክ ከሆነ ፒኤልሲ (ማሽንን በተጻፈለት ፕሮግራም የሚያዝ መቆጣጠሪያ) የተገጠመለት መለማመጃ ሰሌዳ አለ ወይ? አንዱን ሰሌዳ ስንት ሰው ነው የሚጋራው? ተበላሽቶ በላስቲክ ተሸፍኖ ከሆነ ያያችሁት፣ እሱም መልስ ነው።

አሁን ወደ ዋናው እሾህ። ፋብሪካ በሦስት ሽፍት ሲሠራና ሽፍቱ በየሳምንቱ ሲዞር፣ ከሦስት ሳምንት አንዱን የማታ ትምህርት ታጣላችሁ። ይህን ሳያስቡ ተመዝግበው መሃል ላይ የሚያቋርጡ ብዙ ናቸው። ከመክፈላችሁ በፊት ሽፍት የሚቀይራችሁ ጓደኛ አግኙ፤ ስምምነቱንም ፎርማኑ በጽሑፍ ያጽድቅላችሁ። አለበለዚያ የቅዳሜና እሁዱን መርሐ ግብር ምረጡ።

"ነፃ ሥልጠና" የሚለውንም አስሉት። በአዋጁ የትርፍ ሰዓት ሥራ በሳምንት ከ12 ሰዓት አይበልጥም፤ የቀኑ ደግሞ በአንድ ተኩል ይባዛል። 12 ሰዓት ትርፍ ትሠሩ ከነበረ ያ የ18 ሰዓት ክፍያ ነው። ከመደበኛው 48 ሰዓት ጋር ሲደመር የ66 ሰዓት ክፍያ ያህል ታገኙ ነበር። ለትምህርት ብላችሁ ትርፍ ሰዓቱን ስትተዉ ከገቢያችሁ ከሩብ በላይ ይቀንሳል። የኮሌጁ ክፍያ ከዚህ ጎን ሲታይ ኢምንት ሊሆን ይችላል። ቤት ኪራይ ያለበት፣ ልጅ የሚያስተምር ሰው ይህን ከባለቤቱ ጋር ተመካክሮ ይወስን። አጭር ሥልጠና ከሆነ የዓመት ፈቃድ አንዱ መውጫ ነው። ለአንድ ዓመት አገልግሎት 16 የሥራ ቀን ነው፤ ከዚያ በየሁለት ዓመቱ አንድ ቀን ይጨመራል። እረፍታችሁን መስዋዕት ማድረግ ነው፣ ግን ደመወዝ አይነካም።

ዲግሪ

በቴክኒክና ሙያ ደረጃ አራት ጨርሶ ፎርማን ወይም የክፍል ኃላፊ ለመሆን መንገዱ በዲግሪ የተዘጋበት ሰው ይማር። ሌላው ቆም ብሎ ያስብ። ዓመታት ይፈጃል፤ ከ2015 ዓ.ም. ጀምሮ ደግሞ የመውጫ ፈተና ማለፍ ግድ ሆኗል፤ የትም ብትማሩ አይቀርም። ለጥገና ሠራተኛ በዚያ ዕድሜና ገንዘብ ሁለት የሙያ ደረጃ መጨመር ይሻለዋል ባይ ነኝ። "ዲግሪ አለው" ለመባል ብቻ ከሆነ፣ ለመርቁልኝ ድግስ ውድ ነው።

ኦንላይን

በ2016 ዓ.ም. ሐምሌ የተጀመረው የአምስት ሚሊዮን ኮደሮች ሥልጠና ነፃ ነው። ፕሮግራሚንግ፣ ዳታና አንድሮይድ መሥራት ይነካካል። በእጁ ብየዳ የያዘ ሰው ጥሎት ኮዲንግ ይግባ አልልም። ፒኤልሲ ለመማር ያሰበ ኤሌክትሪሺያን ግን የፕሮግራሚንግ አስተሳሰቡን እዚያ ቢጀምር አይጎዳም።

ለንድፈ ሐሳብ ኢንተርኔት ጥሩ መምህር ነው፤ ስለ ሞተር፣ ስለ ሃይድሮሊክ ሌሊቱን ሙሉ ማየት ይቻላል። ሁለት ነገር ግን ልብ በሉ። አንደኛ፣ በአማራ ክልል ከ2015 ዓ.ም. ክረምት ጀምሮ የሞባይል ኢንተርኔት ተቋርጦ ለወራት እንደቆየ ሁላችንም እናስታውሳለን። ኔትወርክ ሲኖር አውርዳችሁ አስቀምጡ። ሁለተኛ፣ መምህሩ ያለበት አገር ከእናንተ አገር ይለያል። መደበኛ የኤሌክትሪክ ሞተር የሚነደፈው ከባሕር ጠለል እስከ 1,000 ሜትር ከፍታ ላለ ቦታ ነው። ደብረ ብርሃን 2,800 ሜትር ገደማ ላይ ናት። አየሩ ስለሚሳሳ ሞተሩን እንደሚገባው አያቀዘቅዘውም። የሞተር ፍጥነት የሚቆጣጠረው ድራይቭም እንዲሁ ነው፤ ብዙ አምራቾች ከ1,000 ሜትር በላይ በየ100 ሜትሩ 1 በመቶ ገደማ ከአቅሙ ቀንሱ ይላሉ። የከተማችን ብርድ ከፊሉን ያካክሳል እንጂ ሁሉንም አይደለም። ዩቲዩብ ላይ ያለው ሰውዬ ይህን አይነግራችሁም፤ ሞተር ሲቃጠልበት የኖረ የደብረ ብርሃን ሞተር ጠጋኝ ግን ያውቀዋል።

ብየዳ፣ ኤሌክትሪክ፣ ኦፕሬተርነት፦ የትኛው?

የት እንደምትማሩ አየን። ምን እንደምትማሩ ደግሞ ሌላ ምርጫ ነው።

ብየዳ ትልቁ ጥቅሙ ነፃነት ነው። ፋብሪካው ቢዘጋ እንኳ ደነባም እነዋሪም ሸዋ ሮቢትም በር የሚያሠራ ሰው አይጠፋም። ለዚያም ነው ገበያው የተጨናነቀው። ፋብሪካ ውስጥ ክፍያው ከፍ የሚለው ቧንቧና ግፊት ያለበት ታንክ መበየድ ለሚችል ነው። ቧንቧው 45 ዲግሪ ጋደል ብሎ ሳይዞር ዙሪያውን የሚበየድበት ሲክስ ጂ የሚባለው ፈተና አለ። እሱን ያለፈ በያጅ ደመወዝ ሲደራደር ድምፁ ይለያል።

ኤሌክትሪክና የመቆጣጠሪያ መሣሪያ ጥገና ለእኔ የመጀመሪያው ምርጫ ነው። ከባድ ነው፣ ሒሳብ አለው፣ ጊዜ ይወስዳል። ግን ማሽን በበዛ ቁጥር ሥራው ይጨምራል። ትንሽ ነገር ላሳያችሁ። ከሴንሰር ወደ መቆጣጠሪያ ክፍል የሚሄደው ምልክት ብዙ ጊዜ ከ4 እስከ 20 ሚሊ አምፒር ነው። ለምን ከዜሮ አልተጀመረም? ዜሮ ከተነበበ ሽቦው ተበጥሷል ማለት ነው። 4 ከተነበበ ግን ሽቦው ደህና ነው፤ የሚለካው ነገር ዝቅተኛው ላይ ነው። ይህን የሚያውቅ ሰው "ሲሎው ባዶ ነው" እና "ሽቦው ተቆርጧል" የሚሉትን በአንድ መልቲሜትር ይለያል። የማያውቀው ደህናውን ሴንሰር ነቅሎ አዲስ ይግዙልኝ ይላል። በዛሬው ምንዛሪ ሁለቱ ሠራተኞች ለፋብሪካው ያላቸው ዋጋ ሰማይና ምድር ነው።

የኤክስካቫተርና የሎደር ኦፕሬተርነት ቶሎ ገንዘብ ያስገኛል፤ ድንጋይ ማውጫውም መንገድ ሥራውም ይፈልገዋል። ግን ፕሮጀክት ሲያልቅ ሥራው ያልቃል፤ ከቤት ያርቃል፤ መንገድ ሲዘጋ ደግሞ ማሽኑም ሰውየውም ይቆማሉ። የግል ማሠልጠኛ ከገባችሁ የምትጠይቁት አንድ ጥያቄ ነው፦ መሪው ላይ ስንት ሰዓት እቀመጣለሁ? አንድ ሎደር ለሠላሳ ሰው ከሆነ የምትማሩት ወረፋ ነው።

የመቆጣጠሪያ ክፍል ኦፕሬተርነት ሁሉም የሚመኘው ነው። ንጹሕ ነው፣ ወንበር አለው፣ ምድጃው ውስጥ ድንጋዩ ወደ 1,450 ዲግሪ ሲደርስ በስክሪን ነው የምታዩት። ወንበሩ ግን ጥቂት ነው። ያለው መግቢያ መስክ ላይ ቆይቶ የማሽኑን ድምፅና ሽታ ማወቅ ነው። ማሸጊያ ላይ ወይም ላብራቶሪ ውስጥ ያላችሁ እህቶች ይህንን መንገድ አስቡበት። "ሴት መፍቻ አትይዝም" የሚል ፎርማን አሁንም አይጠፋም። ሲኦሲውን ይዛችሁ ቅረቡ፤ እምቢ ለማለት ምክንያቱን በጽሑፍ ይስጥ።

ለሰው ኃይል ኃላፊዎች አንድ ነገር

ሥልጠና ስትልኩ አንድ ሰው አትላኩ። ሁለት ላኩ። አንዱ ቢለቅ ሌላው ይቀራል፤ ሁለቱም ካሉ እርስ በርስ ይማማራሉ። ሲሚንቶ ፋብሪካ ውስጥ ምድጃው ለጡብ ቅየራ ሲቆም ደግሞ ሁሉም ይሯሯጣል፤ ተለማማጅ "ወዲያ በል" ይባላል። በተቃራኒው አድርጉት። ምድጃው የሚከፈተው ያን ጊዜ ብቻ ነው። ለእያንዳንዱ ነባር ባለሙያ አንድ ተከታይ በስም መድቡ።

ከየት ልጀምር ለሚል

ጉልበት ሥራ ላይ ያለ፣ አሥረኛ ወይም አሥራ ሁለተኛ የጨረሰ፣ ዕድሜው ገና የሆነ ሰው የኤሌክትሪክ ደረጃውን በቅዳሜና እሁድ ይጀምር፤ በሥራ ቀን ደግሞ ጥገና ክፍል እንዲዛወር ያመልክት። ባይከፈለውም በእረፍት ሰዓቱ ይግባ። ቤተሰብ የያዘ፣ ትርፍ ሰዓቱን መተው የማይችል፣ ለዓመታት ማሽን ጎን የቆመ ሰው ኮሌጁን ይተውና ቀጥታ ለምዘና ይዘጋጅ። በያጅ የሆነ ሰው ሙያ አይቀይር፤ ወደ ቧንቧ ብየዳ ይደግ።

ፋብሪካው እንዲከፍልላችሁ የምትፈልጉ ከሆነ ጥያቄያችሁን በጽሑፍ አድርጉት። የትኛው ማሽን ላይ ልትሠሩ እንዳሰባችሁ፣ ሥልጠናው ስንት ቀን እንደሚፈጅ፣ በዚያ ጊዜ ማን እንደሚተካችሁ ጻፉበት። ብዙ ድርጅት በጀቱን ከሐምሌ እስከ ሰኔ ነው የሚቆጥረው። ሐምሌ ላይ ስትሄዱ በጀቱ ተደልድሎ ያልቃልና ማመልከቻውን ግንቦት ላይ አስገቡ፤ አንዱን ቅጂ በቀን ማህተም አስመትታችሁ እናንተ ጋ አስቀሩ።